ሳይቀበር የቀረው የመውሊድ ገረባ

ለእህቴ ልጅ ለአብዱልሀኪም፤ ጅቡቲ።

አሰላሙ ዐለይኩም ወረሕመቱላሂ ወበረካቱህ። ከቀወት ቆላ የተነሣው ሰላምታዬ በረሃውን አቋርጦ፣ ውሃ ሳይጠማው፣ ከነሙቀቱ ይድረስህ። ለመሆኑ ጤናህ እንዴት ነው? ወገቤን ያመኛል ብለህ የጻፍኸው ለቀቀህ ወይስ የጨው ጆንያ መሸከሙን አሁንም አልተውህም? የባሕሩ ወበቅ ከእኛው ሐሩር ይብሳል የሚሉት እውነት ነው? ባለቤትህ መሊካስ እንደምን ናት? ግመል ነጂው ሆዷ ገፍቷል ብሎ አብስሮናል። እኔም ከዚያ ወዲህ በየሶላቱ ሕፃኑ እሷን እንዲመስል አላህን እለምናለሁ፤ አንተን ከመሰለ ጆሮው በበር አያስገባውም።

እኔ አጎትህ ጀይላን አልሐምዱ ሊላህ በሕይወት አለሁ። ከጥርሶቼ አምስት ቀርተዋል፤ ምላሴ ግን ምንም አልጎደለባትም። እናትህ ሙሚና ትነሣለች፣ ትሰግዳለች፣ የማሽላ ማሳዋን ዞራ ታያለች። ደህና ናት ብዬ አልዋሽህም፤ ታማለች ብዬም አላስደነግጥህም። እህትህ ሩቂያ ደህና ናት። ዝናቡ ገና አልጣለም፤ የሮቢ ወንዝ ድንጋዩን ታቅፎ ተኝቷል፤ ሰዉ ሁሉ አንገቱን አቅንቶ ሰማይ ሰማይ ያያል።

ደብዳቤህ ደርሶኛል። ፊደል ያስቆጠርሁህ እኔ መሆኔን እዚያ ለማንም እንዳትናገር፤ ዶሮ አመድ ላይ የሄደችበት ይመስላል። እኔ እንኳ ከስኳር መጠቅለያና ከአዋጅ ወረቀት ላይ አንዳንዷን ለቅሜ ራሴን ያስተማርሁ ሰው ነኝ፤ አንተ ግን አስተማሪ ነበረህ። የመጀመሪያውን ገጽ ለእናትህና ለሩቂያ ጮክ ብዬ አነበብሁላቸው፤ ስለ ዓሣው የጻፍኸው ላይ ሩቂያ እንባዋ እስኪመጣ ሳቀች። ሁለተኛው ገጽ ላይ ስደርስ ግን ዓይኔ ደከመ ብዬ አጠፍሁት። «ክረምቱ ሲወጣ እመጣለሁ፤ አባቴን ለጣሊያን የሸጠውን ፈለቀን በእጄ ሳልገድል እህል አይጣፍጠኝም፤ እስክመጣ ማንም እንዳይነካብኝ» ብለሃል። ይህንኑ ቃል በማጀቴ ላሉት ለአባትህ ወንድም ልጆችም ልከሃል። ደርሷቸዋል። ቃልህን እንደ አደራ ይዘው ይጠብቁሃል።

እንግዲህ ይህን ደብዳቤ የምጽፈው አንድ ነገር ልነግርህ ነው። ፈለቀ አባትህን አልሸጠም። ማንም አልሸጣቸውም። አባትህን ያስገደለው ተቅሞ የተረፈ የጫት ገረባ ነው፤ ገረባውን ሳልቀብር የተውሁትም እኔ ነኝ።

ወረቀቱን አትቅደድ፤ ቆይ። እንደ ልማዴ የማላግጥ ይመስልህ ይሆናል፤ ስለዚህ ከመጀመሪያው ልንገርህ። ይህ ደብዳቤ በግመሉ ኮርቻ ድርብ ውስጥ ተሰፍቶ ስለሚመጣ የሰው ስም መጥራት አልፈራም፤ ካነበብኸው በኋላ ግን እሳት ውስጥ ክተተው።

አባትህ ዱር የገቡት ካቻምና መሆኑን ታውቃለህ። ሃያ አንድ ሰው ነበርን፤ እስላሙም ክርስቲያኑም። እኔ የገባሁት በጀግንነት አይደለም። እናትህ «ባሌን ጠብቅልኝ፤ እዚህ ተቀምጠህ ከምታስቀን እዚያ ሄደህ አስቃቸው» ብላ አስወጥታኝ ነው። ከጀውሃ ወደ ታች፣ እሾሁ ከሰው በሚበዛበት፣ የአፋሮቹ ግመል በሚሰማራበት ቆላ ከርመናል። ሁለት ሌሊት አንድ ቦታ አናድርም ነበር።

አንድ ቀን የጣሊያን መሬት ለኪዎች ሰፍረው የሄዱበት ቦታ ደረስን። አቤት ያ ቦታ! ባዶ የቆርቆሮ ጣሳ እዚህም እዚያም ተጥሏል፤ ጠርሙስ ተሰብሯል፤ አጥንት፣ ወረቀት፣ የሲጋራ ቁራጭ። እዳሪያቸውንም ከውሃው አፍ ላይ በትነውት ሄደዋል። አንድ አፋር ሽማግሌ አሸዋው ላይ ቁጭ ብሎ የግመሉን እግር በጨርቅ ያስራል። ግመሉ ውሃ ሊጠጣ ሲወርድ የጣሳው ክዳን እስከ አጥንቱ ቆርጦታል። ሽማግሌው አላለቀሰም፣ አልተሳደበም፤ ክዳኑን አንሥቶ አሳየንና መልሶ አስቀመጠው። ያንን ግመል በሦስተኛው ቀን እንዳረዱት በኋላ ሰማን።

እኔ ደግሞ ታውቀኛለህ፤ ሰው ሲከፋው ዝም ብዬ ማየት አልችልም። ጥራጊውን እየተመለከትሁ የእንግዶቹን ታሪክ ማውራት ጀመርሁ። «ሰባት ነበሩ። ሁለቱ ባለ ጫማ፣ አምስቱ ባዶ እግር። አንደኛው ጌታ ሆዱን ታሟል፤ ይኸው ስድስት ጊዜ ወጥቷል፤ ስድስተኛው ላይ ሱሪውን ለመፍታት አልደረሰም» እያልሁ እንደዚያ ሰውዬ ሱሪዬን ይዤ በእሾህ መሃል ሮጥሁ። ሰዉ በሳቅ ወደቀ። አባትህ እንኳ፣ ሳቅ የሚቆጥቡት ሰው፣ አፋቸውን በጋቢያቸው ያዙ። ቀጠልሁና ከትናንት ወዲያ ጧት ወደ ሰሜን እንደ ሄዱ፣ በቅሏቸው በኋላ እግሯ እንደምታነክስ፣ ስኳር እንዳለቀባቸው ነገርኋቸው። ሁሉም ከመሬቱ ላይ ተጽፎ ነበር።

ያን ጊዜ አባትህ ሳቃቸውን አቆሙና «ጀይላን፣ አንተ ከእነሱ ጥራጊ ይህን ሁሉ ካነበብህ፣ እነሱስ ከእኛ ጥራጊ ምን ያነባሉ?» አሉኝ። ሁላችንም ትናንት ያደርንበትን ቦታ በልባችን አየነው፦ የሽንኩርቱ ልጣጭ፣ አመዱ፣ የአህያው ፋንድያ፣ የፍየሉ አጥንት። ከዚያች ሰዓት ጀምሮ ተሾምሁ። የጥራጊ ሹም ሆንሁ። ዛፍ ሥር አቁመው፣ መጥረጊያ ቅርንጫፍ አስይዘው፣ እጅ ነሡኝ። ዕድሜዬን ሙሉ ያገኘሁት ሹመት ይኸው ብቻ ነው፤ እሱንም እንዴት እንደ ያዝሁት ትሰማለህ።

ሕጌ መሬቱ እኛን ያላየ እንዲመስል ማድረግ ነበር። ለመጸዳዳት የሚወጣ ሰው ከውሃው መቶ እርምጃ ርቆ ክንድ የሚያህል ጉድጓድ ይቆፍራል፤ ሲጨርስ አፈሩን ይመልስና ደረቅ ቅጠል ይበትንበታል። አመዱ በአሸዋ ይታፈናል፣ ከበረደ በኋላ ይቀበራል። የጉልቻው ድንጋይ የጠቆረው ፊቱ ወደ ታች ተደርጎ ወደ ነበረበት ይመለሳል። አጥንት ይቃጠላል። ፋንድያው ተሰብስቦ ከብት በሚያልፍበት መንገድ ላይ ይበተናል። ልብሱን የሚያጥብ ውሃውን ቀድቶ ወደ ዳር ይወጣል እንጂ እግሩን ውሃው ውስጥ አያስገባም። በመጨረሻ እኔ ቅርንጫፌን ይዤ ወደ ኋላ እየሄድሁ ዱካችንን እጠርጋለሁ፤ ስንት ጊዜ እሾህ ላይ እንደ ተቀመጥሁ አላህ ይቁጠረው።

አንዱ ጓደኛችን ሰልችቶት «ጣሊያን በማይደርስበት ቦታ ይህ ሁሉ ድካም ለምን?» ቢል አባትህ ተቆጡት። «ጣሊያን ባይመጣ ከኋላችን ሌላ ሰው አይመጣም? ይህን ውሃ ነገ የሽማግሌው ልጆች ይጠጡታል። ያንን ግመል ረሳኸው?» አሉት። ሰውዬው ተነሥቶ የተወውን አመድ ቀበረ። አባትህ እንዲህ ነበሩ፤ የሚቆጡት ለሌላው ነው።

ታደሰ የሚባል የመንዝ ልጅ ከእኛ ጋር ነበር፤ ከሁሉም በላይ የምወደውና የማሠቃየው እሱን ነበር። አንድ ቀን ሎሚ በልቶ ልጣጩን ጥሎ መጣ። ሩቅ ከሄድን በኋላ ነው የነገረኝ፤ እሱም ሊያናድደኝ። መለስሁት። «ጋሼ ጀይላን፣ ለአንዲት የሎሚ ልጣጭ? ጣሊያን ልጣጭ አይቶ ምን ሊል ነው?» አለኝ። «‹ባለቤቱ የት አለ?› ይላል» አልሁት። ግማሽ ቀን ተመልሶ ልጣጩን በመዳፉ ይዞ መጣና ጆሮዬ ላይ አንጠለጠለልኝ። እንዲህ ያለ ጥብቅ ሹም ነበርሁ፤ ይህን ያዝልኝ።

መውሊድ ሚያዝያ ሃያ አራት ቀን ዋለ። ከቤት ርቀን ሁለተኛው መውሊዳችን ስለሆነ ሰዉ ከፍቶት ነበር። ፈለቀ ይህን አወቀ። ፈለቀ ማን እንደ ሆነ ታውቃለህ፤ ድሮ በሮቢት ኬላ ጸሐፊ የነበረ፣ ከደብረ ብርሃን የመጣ ክርስቲያን ነው። ጣሊያን መንገድ ሲጀምር የድንጋይ ቁጥር እንዲጽፍ ያዘው። ቀን ለእነሱ ይጽፋል፤ ለእኛ ደግሞ ጨው፣ ክብሪትና ወሬ ያመላልስልን ነበር። ያን ዕለት ጧት አህያውን እየነዳ ከተፍ አለ። ከጆንያው ሥር አራት እስር ጫት አወጣ፤ ከደጋው አፋፍ አስመጥቶት ነው። «እኔ አልቅምም፣ እናንተ ግን ያለ እሱ መውሊድ አይሆንላችሁም ብዬ ነው» አለ። አባትህ ግንባሩን ሳሙት።

አንድ ትልቅ ግራር ሥር ተቀመጥን። አባትህ ዱዓውን መሩት። ስለ አገሩ፣ ስለ ዝናቡ፣ ስለ ሞቱት ለመኑ። በመጨረሻ አንተን በስምህ ጠርተው፣ «ልጄን በባዕድ አገር ብቻውን አታድርግብኝ» አሉ። ይህን ልነግርህ አልፈልግም ነበር፤ ግን ያንተ ነው፣ ውሰደው። ያን ሰዓት ሳላለቅስ የቀረሁት ታደሰ እያየ ስለ ነበር ብቻ ነው። ፈለቀ ኮፍያውን አውልቆ፣ ከዳር ቁጭ ብሎ፣ እኛ አሚን ስንል አሚን ይል ነበር።

የአስርን ሶላት ከሰገድን በኋላ ለመነሣት ተዘጋጀን። ጉድጓዴን ቆፍሬ አመዱን፣ አጥንቱን፣ ልጣጩን አስገባሁ። ከዚያ ገረባውን ለማንሣት እጄን ሰደድሁ። የቤታችሁን ልማድ ታውቃለህ፤ ዱዓ የወረደበት ጫት ተቅሞ የተረፈው ግንድና ቅጠል አይረገጥም፣ ከጥራጊ ጋርም አይደፋም። እናትህ ሰብስባ ከጓሮው ዛፍ ላይ ከፍ አድርጋ ታስቀምጠዋለች፤ እዚያው ደርቆ ነፋስ ይወስደዋል። አባትህ እጄን ያዙኝ። «ተው ጀይላን። ይህን ከአጥንትና ከአመድ ጋር? ዱዓ ያረፈበት ነው» አሉ። በተለየ ጉድጓድ፣ በንጹሕ አሸዋ ልቅበረው አልኋቸው። «ጅብ ያወጣዋል፣ ከብት ይረግጠዋል። ዛፉ ላይ ይሁን» አሉ።

እምቢ ማለት የኔ ሥራ ነበር። አባትህ ራሳቸው የሾሙኝ ለዚህ ነበር። ግን ዱዓው ገና ከጆሮዬ አልወጣም፤ እኔም ልጅ ሳለሁ እናቴ ስታደርገው ያየሁትን ነው የሚሉኝ። ዝም አልሁ። ዝም ብዬም አልቀረሁ፤ አባትህ ስላልደረሱበት እኔው ወጥቼ ገረባውን በልጡ እንደ ታሰረ ከዛፉ ባላ ላይ አስቀመጥሁት።

ፈለቀ ይህን ሁሉ ያይ ነበር። ጠጋ ብሎ ቀስ ብሎ «ጋሼ ጀይላን፣ የሎሚ ልጣጭ የማያሳልፉ ሰው፣ ይህን ትተውት ሊሄዱ ነው?» አለኝ። እኔስ ምን ልበለው? «አንተ የመንገድ ድንጋይህን ቁጠር፤ በመውሊዳችን አትግባ» አልሁት። ሰዉ ሳቀ። ፈለቀ ፊቱ ቀላ፣ አህያውን ፈታ፣ ሄደ። አብዱልሀኪም፣ በዕድሜዬ ሰው ያሳቅሁበት ቀን ብዙ ነው። ያችን ግን ከአፌ የሚያወጣልኝ ባገኝ ምላሴን አብሬ እሰጠው ነበር።

ከዚያ ግራር ግማሽ ቀን የሚያስኬድ ቦታ ላይ ሰፈርን፤ በዚያ አካባቢ በበጋ ውሃ ያለው አንድ የአሸዋ ጉድጓድ ነው። በአራተኛው ቀን ጧት አባትህና ታደሰ ውሃ ሊቀዱ ወረዱ። እኔ እሄዳለሁ ብዬ ነበር፤ አባትህ «አንተ ምድጃህን ቅበር» አሉኝ። ምድጃውን እየቀበርሁ ሳለ ተኩሱን ሰማሁ። ብዙ አልነበረም። ስንደርስ ገዳዮቹ ሄደዋል። አባትህ ቅሏቸውን አልለቀቁም ነበር። ታደሰ ትንሽ ራቅ ብሎ በግንባሩ ተደፍቷል። ያደፈጡበት ቁጥቋጦ ሥር የብስኩት ጣሳና የሲጋራ ቁራጭ ትተው ሄደዋል፤ ከአንድ ቀን በላይ እንደ ጠበቁን ከዚያ አነበብሁ። አባትህን ፊታቸውን ወደ ቂብላ አድርገን ቀበርናቸው፤ ለታደሰም የሃይማኖት ወንድሞቹ የሚችሉትን አሉለት። እኔ ደግሞ ለምን እንደ ሆነ አላውቅም፣ የጣሳውን ክዳን ቀበርሁ።

የቀረነው ተበተንን። እኔም ወደ እናትህ ቤት ተመለስሁ፤ ማሽላ ከሚጠብቅ ሽማግሌ ማን ምን ይጠረጥራል? ሰዉ ሁሉ «ማን ሸጠን?» ይል ጀመር። የሚጣፍጥ ጥያቄ ነው፤ ከመጠየቁ መልሱ ይመጣል። ከአራት ቀን በፊት ማን መጣ? ፈለቀ። ለጣሊያን የሚጽፈው ማነው? ፈለቀ። ክርስቲያኑ ማነው? ከማጀቴ የመጡት የአጎትህ ልጆች ይህን አሉ። እናትህ አለች። እኔም አልሁ። አዎ፣ እኔም ለአንድ ወር ያህል በየልቅሶው ቤት ፈለቀ ነው ብዬ አውርቻለሁ፤ ላንተ የደረሰህም ወሬ ከእኔ አፍ ያለፈ ሳይሆን አይቀርም።

ከዚያ በሮቢት ገበያ ገመድና ሰሌን ይዤ ተቀምጬ ሳለ ወርቁ መጣ። ወርቁ ለጣሊያኖች ዱካ የሚያነብ ባንዳ ነው፤ የጭነት ገመድ ፈልጎ ነው። ሰውዬው ሲያሞግሱት እንደሚያብጥ አውቃለሁና ልፈትነው ብዬ «አንተ ነህ አሉ በጀውሃ በታች ያሉትን ሰዎች ያገኘህ? መቼም ሰው ነግሮህ ነው እንጂ አንተማ የራስህን ቤትም መንገደኛ ጠይቀህ ነው የምታገኘው» አልሁት። ተናደደ። «ማን ይነግረኛል? አንተ ሽማግሌ፣ እኔ ነኝ ያገኘኋቸው!» አለ። እኔም እየሳቅሁ «በአፍንጫህ ነዋ!» አልሁ። «በዓይኔ! ስማ፤ መሬቱን የጠረገው ሰው ጎበዝ ነው። ሁለት ወር ዞሬ አንዲት ፍም፣ አንዲት አጥንት አላገኘሁለትም። ባገኘው እጁን እጨብጠው ነበር። አንድ ቀን ጥላ ፈልጌ ግራር ሥር ተቀመጥሁ። ጀርባዬን አስደግፌ ቀና ስል ጫት! አራት እስር! ግራር ጫት ያበቅላል እንዴ? ግንዱ ገና እርጥብ ነው። እንግዲህ አራት እስር ጫት የቃመ ሕዝብ ውሃ ይጠማዋል አልሁ። ውሃው ደግሞ አንድ ነው» አለኝ።

አብዱልሀኪም፣ ገመዱን ሰጠሁት። ሲቀበለኝ እጄን ጨብጦ «ሽማግሌ፣ ጥሩ ትፈትላለህ» አለኝ። ያች እጄ ያን ዕለት ምግብ ወደ አፌ አላደረሰችም።

ተሸክሜው መሄድ እችል ነበር። ገረባውን በጨርቅ ጠቅልዬ፣ በአህያው ጭነት ላይ አድርጌ፣ አገር ስንገባ ከእናትህ ዛፍ ላይ ልናስቀምጠው እንችል ነበር። አባትህም እምቢ አይሉኝም ነበር፤ ደስ ይላቸው ነበር። ይህ አሳብ የመጣልኝ ከገበያው ስመለስ፣ መንገድ ላይ ነው።

ታዲያ ያን ዕለት ሮጬ ለሰዉ ተናገርሁ ብልህ ደስ ይለኝ ነበር። አልተናገርሁም። ዘጠኝ ቀን ዝም አልሁ። የአባትህን ስም በጥፋት ማስጠራት ከበደኝ አልሁ ለራሴ፤ ውሸት ነው፣ የከበደኝ የኔ ነው። በዐሥረኛው ቀን የፈለቀ ሚስት ሸዋነሽ ወደ ማሽላው ማሳ መጣች። ነጠላዋን ወገቧ ላይ አስራ፣ ጫማ እንኳ ሳታደርግ። «ጋሼ ጀይላን፣ እርስዎ ከሰው ሁሉ ጋር የሚቀልዱ ሰው ነዎት፤ ይሰሙዎታል። ባሌ ከቤት መውጣት ካቆመ ሳምንቱ ነው። አብዱረሂም በየገበያው ቀን በደጃችን ሲያልፍ ቢላዋውን በጥፍሩ ይሞክራል» አለች። አብዱረሂም የማጀቴው አጎትህ የበኩር ልጅ ነው፤ ታውቀዋለህ። ለምን ወደ ደብረ ብርሃን፣ ወደ ዘመዶቹ አይሄድም አልኋት። «‹ከሄድሁ ሸሸ፣ እውነት ነው ይላሉ› አለኝ። ‹የአብዱልሀኪም አባት ግንባሬን የሳሙበትን ቀን አላረክስም› አለኝ» ብላ አለቀሰች።

ነገርኋት። ሁሉንም ነገርኋት። እንባዋን ጠርጋ «ታዲያ እስከ ዛሬ ለምን ዝም አሉ?» አለችኝ።

በማግስቱ ማጀቴ ሄድሁ። የአጎትህን ልጆች ሰብስቤ፣ ሽማግሌም አስቀምጬ፣ ወርቁ ያለውን፣ እኔ ያደረግሁትን ተናገርሁ። አብዱረሂም ሳቀ። «አጎት ጀይላን፣ ቅዠትዎ መቼ ያልቃል? የክርስቲያን ወዳጅዎን ለማዳን የሟቹን ዱዓ ጥፋተኛ ያደርጋሉ? ነገ ደግሞ ግራሩ ነው የገደላቸው ይሉናል» አለኝ። ሌሎቹም ሳቁ። ዕድሜዬን ሙሉ ያለማመድኋቸው ሳቅ ነው። ከሽማግሌዎቹ ግን አንዱ «ቃሉን የሰጠው ልጅየው ነው። አብዱልሀኪም ራሱ በጽሑፉ ቃሌን አንሥቻለሁ ካለ ነገሩ ይቆማል፤ ካላለ አይቆምም» አለ። አብዱረሂምም በዚህ ተስማማ፤ ላንተ ያለውን ክብር አልክድም።

ከማጀቴ ስመለስ ለእናትህ ነገርኋት። ከሁሉም ይህ ነው የከፋው። እህሉን እየለቀመች ነበር፤ እስክጨርስ ድረስ እጇ አላቆመም። ስጨርስ «እንግዲህ ማንን ልጥላ?» አለችኝ። «እኔን ጥይ» አልኋት። ቀና ብላ አላየችኝም። ከዚያ ወዲህ ምግቤን ሩቂያ ናት የምታቀርብልኝ። ቀልድ ሞክሬ ነበር፤ አንድ ቀን ሞክሬ ተውሁት።

አሁን የምለምንህን ስማ። ግመል ነጂው ጅቡቲ የሚቆየው ዐሥር ቀን ነው። በእሱው እጅ ለአብዱረሂም ሁለት መስመር ጻፍለት፦ ቃልህን ማንሣትህን፣ ፈለቀ የአባትህ ወዳጅ እንጂ ሻጫቸው አለመሆኑን። ፊደልህ ምንም ያህል ቢጣመም እሱ ያውቀዋል፤ ሌላ ሰው አይጻፍልህ። ክረምቱ ከገባና ወንዞቹ ከሞሉ ግመል አያልፍም፤ ክረምቱ እስኪወጣ ደግሞ ፈለቀን ሳይነኩ የሚጠብቁህ አይመስለኝም፤ ከአብዱረሂም በቀር ሌሎቹ ትዕግሥት የላቸውም። ደም ካላየሁ አይወጣልኝም ካልህ የኔው አለልህ። ያረጀ ነው፣ ብዙም አይደለም፤ ግን ያንተው ነው፣ ቤቴን ታውቀዋለህ። ፈለቀን ግን ተወው። በዚያ ግራር ሥር ሃያ አንዳችን ሳለን እውነቱን የተናገረው እሱ ብቻ ነበር፤ እሱም እንግዳው።

በተረፈ መሊካን እጅግ አድርገህ ሰላም በልልኝ። እህትህ ሩቂያ ሰላም ትልሃለች፤ የመሊካን ምጥ አላህ ያቅልል ብላለች። የጎረቤቶቻችን የነፋዲላ ቤት ሁሉ ሰላም ብለዋል። ሸዋነሽ ሰላም ብላለች። ፈለቀን ሰላምታ ልጻፍልህ ወይ ብዬ በተዘጋው በሩ በኩል ጠየቅሁት፤ «ይጻፉት፤ የማይቀበል ከሆነም እንዳይከፋዎት» አለኝ። ይኸው ጻፍሁት። እናትህ ሙሚና በኔ እጅ በተጻፈ ወረቀት ሰላምታ አልልክም ብላለች። ለግመል ነጂው በቃሏ ነግራዋለች፣ ከእሱ አፍ ስማው። ምን እንዳለችው አልጠየቅሁትም።

አጎትህ ጀይላን

ሸዋ ሮቢት፤ ሰኔ ፳ ቀን ፲፱፻፴፩ ዓመተ ምሕረት